ፎቶግራፉና የደቡቡ መንገድ

ስለ ኢትዮጵያ ሲኒማ ሲጻፍ ትረካው ብዙውን ጊዜ ከሁለት ፊልሞች ይነሣል። አንደኛው እላላ ኢብሳ የጻፈውና ግሪካዊው ላምብሮስ ጆካሪስ ያዘጋጀው፣ በ1957 ዓ.ም. የታየው «ሂሩት አባቷ ማነው?» ነው፤ ሁለተኛው ዘውዱ ሊወድቅ በተቃረበበት ሰሞን ሚሼል ፓፓታኪስ የሠራው «ጉማ» ነው። ከሁለቱም በፊት ሌላ ፓፓታኪስ፣ እሱም የአዲስ አበባ ተወላጅ፣ ፊልሙን በካን ፌስቲቫል አሳይቶ ፈረንሳይን እንዳነጋገረ ግን እምብዛም አይነገርም። ኒኮ ፓፓታኪስ በሰኔ 1910 ዓ.ም. ከግሪካዊ አባትና ከኢትዮጵያዊት እናት ተወልዶ፣ በታኅሣሥ 2003 ዓ.ም. በ92 ዓመቱ ፓሪስ ውስጥ ያረፈ የፊልም ጸሐፊና አዘጋጅ ነው። እዚህ የምከራከርለት ነገር ግን «እሱም የእኛ ነበር» ከሚለው የተለመደ ኩራት ይለያል። የፓፓታኪስ ሥራ ከትውልድ ከተማው ከአዲስ አበባ ይልቅ የሚመለከተው የሀዲያንና የከምባታን ከተሞች፣ ሆሳዕናን፣ ዱራሜን፣ ሾኔንና ሺንሺቾን ነው እላለሁ፤ ምክንያቱም ሰውየው ዕድሜ ልኩን የተመላለሰባቸው ሰዎች ሁለት ናቸው፤ በሰው ቤት የሚያገለግለውና አገሩን ጥሎ የሚሄደው።

የሕይወቱን መጀመሪያ ባጭሩ ማለፍ ይቻላል። ጣሊያን አገሪቱን በወረረበት ጊዜ የ17 ዓመት ወጣት ነበር፤ ከኢትዮጵያ ወገን ቆመ፤ ሽንፈቱ ሲመጣ ወደ ሊባኖስ፣ ከዚያም ወደ ግሪክ ተሰደደ፤ እ.ኤ.አ. በ1939 ፓሪስ ገባ። ከጦርነቱ በኋላ በሳን ዠርማን ሠፈር «ላ ሮዝ ሩዥ» የተባለውን ዝነኛ የሙዚቃና የትርዒት ቤት አስተዳደረ። እ.ኤ.አ. በ1950 ደራሲው ዣን ዠኔ የሠራውን ብቸኛ ፊልም፣ በእስር ቤት ስላሉ ሰዎች የሚናገረውንና ለዓመታት ታግዶ የኖረውን ድምፅ አልባ አጭር ሥራ፣ ፕሮዲዩሰር ሆኖ አወጣ። አሜሪካዊው ጆን ካሳቬትስ የመጀመሪያ ፊልሙን «ሻዶውስ»ን ሲጨርስ ከደገፉት አንዱም እሱ ነበር። ስለ ፓፓታኪስ በአውሮፓ የሚጻፈው አብዛኛው ነገር ግን በዚህ ዙሪያ ይቀራል፤ የተዋናይት አኑክ ኤሜ ባል እንደነበረ፣ ጀርመናዊቷ ዘፋኝ ኒኮ ስሟን ከእሱ እንደወሰደች ይወራል። ይህ ወሬ ሥራውን ሸፍኖታል። በ30 ዓመት ገደማ ውስጥ አምስት ረጃጅም ፊልሞችን ብቻ የሠራ፣ ለእያንዳንዱም ብዙ የታገለ ሰው ከትዳሮቹ ዝርዝር የበለጠ ይገባዋል።

የመጀመሪያው ፊልሙ «ሌዛቢስ» በ1955 ዓ.ም. ግንቦት ላይ በካን ቀረበ። መነሻው እ.ኤ.አ. በ1933 ለማን በተባለችው የፈረንሳይ ከተማ የሆነ እውነተኛ ነገር ነው፤ ክሪስቲንና ሌያ ፓፓን የተባሉ እህትማማች የቤት ሠራተኞች አሠሪያቸውንና ልጇን ገደሉ። ፊልሙ ታሪኩን ወደ አንድ የገጠር ቤት ይወስደዋል። ሁለቱ እህትማማቾች ለ3 ዓመት ደመወዝ አልተከፈላቸውም፤ ጌቶቻቸው ንብረቱን ሊሸጡ ነው፤ ቤቱ ሲሸጥ የእነሱ ድካም አብሮ ይሸጣል። የፌስቲቫሉ መራጮች ፊልሙን አልፈለጉትም፤ የባህል ሚኒስትሩ አንድሬ ማልሮ ግን ፈረንሳይን ወክሎ እንዲቀርብ አደረገ። ሳርትር፣ ሲሞን ደ ቦቯር፣ ዠኔና አንድሬ ብሬቶን በአደባባይ ተከላከሉለት። ብዙዎች የአልጄሪያን የነፃነት ጦርነት በምሳሌ እንደሚናገር አድርገው ተረዱት። ያሬድ ዘለቀ እ.ኤ.አ. በ2015 «ላምብ»ን ይዞ በዚያው ፌስቲቫል የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ባለቤት ሲሆን፣ ከእሱ 52 ዓመት በፊት አንድ የአዲስ አበባ ልጅ በዚያ መድረክ ላይ ያልተከፈለ ደመወዝን ጉዳይ አድርጎ ቆሞ ነበር። የያሬድ ቀዳሚነት በዚህ አይነካም፤ የፓፓታኪስ ፊልም የፈረንሳይ ነውና። ጥያቄው ግን የፊልሙ ፓስፖርት የቱ ነው የሚል አይደለም።

እዚህ ላይ የመጀመሪያውና ቀላሉ ተቃውሞ ይነሣል፤ ሰውየው በወጣትነቱ ሄዷል፣ ፊልሞቹ በፈረንሳይኛና በግሪክኛ ናቸው፣ መወለድ ደግሞ አጋጣሚ ነው። እውነት ነው፤ ክርክሬ በልደት ምስክር ወረቀት ላይ ቢቆም ኖሮ እዚህ ያበቃ ነበር። የሚከብደው ሁለተኛው ተቃውሞ ነው። የአዲስ አበባ ግሪኮች ነጋዴዎችና ባለሙያዎች፣ ከአገሬው ሕዝብ በላይ የሚኖሩ ማኅበረሰብ ነበሩ፤ ከዚያ ወገን የተገኘ ሰው ስለ ሎሌነት ምን ያውቃል? መልሱ በእናቱ በኩል ያለ ይመስለኛል። ክልስ ልጅ ከሁለቱም ወገን አንድ ጥያቄ ሲጠየቅ ነው የሚያድገው። ፋሺስቱ መንግሥት በ1929 ዓ.ም. ጣሊያናዊ ከቅኝ ተገዥ ሴት ጋር እንዳይኖር በሕግ ከለከለ፤ ከሦስት ዓመት በኋላ ደግሞ ክልስ ልጆችን ከጣሊያናዊ አባት ልጅነት የሚያወጣ ሌላ ሕግ ጨመረበት። ሕጉ ለግሪክ ልጅ የወጣ ባይሆንም አስተሳሰቡ ግን የዘመኑ አየር ነበር። ፓፓታኪስ በፊልሞቹ ሁሉ ያቀረበው ሰው ከጌታው ጋር አንድ ቤት የሚኖር፣ ጌታውን የሚወድም የሚጠላም፣ ከቤቱ መውጣትም መቅረትም የማይችል ሰው ነው። ይህን ዓይነት ሰው ከመጽሐፍ ብቻ ማግኘት ያስቸግራል።

እንዲህ ያለው ሰው በደቡብም አለ። ሆሳዕና የተቆረቆረችው በምኒልክ ዘመን የደቡብ ዘመቻ ማግስት እንደ ጦር ሠፈር ነው። ስሟ ሠራዊቱ ከደረሰበት የሆሳዕና በዓል ጋር ይያያዛል፤ የሀዲያ ሰው ቦታውን ዋቸሞ ይለዋል፤ በ2004 ዓ.ም. ማስተማር የጀመረው ዩኒቨርሲቲም ይህን ስም ይዟል። ከዘመቻው በኋላ የሀዲያና የከምባታ ገበሬ ለሠፋሪው ወታደር በገባርነት ተደለደለ። ግብር ከመክፈል ሌላ እንጨት ይለቅማል፣ አጥር ያጥራል፣ ሚስቱ እህል ትፈጫለች፣ ጭነት ይሸከማል። በሰው ቤት ደጅ የሚጠና፣ ቤቱን የሚያቆምና በቤቱ የማይቆጠር ሰው ታሪክ እንግዲህ በዚህ አካባቢ ከፈረንሳይ ልብ ወለድ የተዋሰ አይደለም። ከነፃነት በኋላ ገባርነት በሕግ ሲቀር ሕዝቡ እንሰት ያኖረው፣ በአገሪቱ እጅግ ተጨናንቆ ከሚኖረው አንዱ ነበር፤ መሬት ጠበበ። በ1946 ዓ.ም. የሆላንዱ ኤች.ቪ.ኤ. ኩባንያ የወንጂን ስኳር ፋብሪካ ሲከፍት ሸንኮራ ቆራጩ በብዛት የመጣው ከከምባታና ከሀዲያ ነው። ስለዚህ የአካባቢው ወጣት ከሚሄድባት ከደቡብ አፍሪካ በፊት ወንጂ ነበር፤ መሄድ በዚህ አገር የትናንት ፈሊጥ አይደለም።

ሴቶቹም ሄደዋል። መጀመሪያ አዲስ አበባ፣ ኋላም በደላላ በኩል ቤይሩት፣ ሪያድ፣ ኩዌት። ፓፓታኪስ ተሰድዶ ያለፈባት ሊባኖስ ከ60 ዓመት በኋላ የኢትዮጵያ ልጆች የቤት ሠራተኛ ሆነው የሚዘጋባቸው አገር ሆነች። «ሌዛቢስ» ከእነዚህ ሴቶች ታሪክ ጋር ሲቀመጥ አንድ ከባድ ተቃውሞ ይቀርባል፤ በዐረብ አገር ያሉ ልጆቻችን በወንጀል እየተጠረጠሩ በሚሰቃዩበት ሁኔታ፣ ገዳይ የቤት ሠራተኞችን የሚያሳይ ፊልም ከእነሱ ጋር ማነጻጸር ጉዳት የለውም ወይ? ተቃውሞው በቀላሉ የሚገፋ አይደለም። ፊልሙ ግን ግድያውን አያሞግስም፤ ዓይኑን የሚያሳርፈው ከግድያው በፊት ባለው ጊዜ፣ በ3 ዓመቱ ያልተከፈለ ደመወዝ፣ በተቆለፈው ቤት ላይ ነው። ጥያቄው «ምን ዓይነት ሴቶች ናቸው?» ከሚለው ወጥቶ «ምን ዓይነት ቤት ነው?» ወደሚለው ይዞራል። በ2006 ዓ.ም. ሳዑዲ ዐረቢያ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያንን በጥቂት ወራት ስትመልስ በአገር ቤት የተነገረው በአብዛኛው ስለ ተመላሾቹ ጠባይና ስለ ደላሎቹ ነበር፤ ስለ ቤቶቹ የተነገረው ትንሽ ነው።

ከሁሉ በላይ ለሆሳዕና የቀረበው ፊልም ግን እ.ኤ.አ. በ1986 የሠራው «ፎቶግራፉ» ነው። ጊዜው እ.ኤ.አ. 1971 ነው፤ ግሪክ በኮሎኔሎቹ አገዛዝ ሥር ናት። ኢሊያስ የካስቶሪያ ወጣት ነው፤ ካስቶሪያ በጠጉር ልብስ ሥራ የታወቀች የሰሜን ግሪክ ከተማ ናት። አባቱ ኮሚኒስት ስለነበረ በአገሩ ተስፋ የለውም። ፓሪስ ውስጥ በዚያው ሙያ የሚተዳደር ገራሲሞስ የተባለ የሩቅ ዘመድ አለውና ወደ እሱ ይሄዳል። ኢሊያስ የአንዲት ዘፋኝ ፎቶ አግኝቶ ይዟል። ዘመዱ ፎቶውን አይቶ ማን እንደሆነች ሲጠይቀው «እህቴ ናት» ይለዋል። ብዙ ዓመት ብቻውን በስደት የኖረው ገራሲሞስ ሴትዮዋን በፎቶ ይወዳል፤ ሊያገባት ይፈልጋል። ከዚያ በኋላ ውሸቱ ሌላ ውሸት እየወለደ ወደ አሳዛኝ ፍጻሜ ይሄዳል። ታሪኩ ይህን ያህል ቀላል ነው። የፓፓታኪስ የጽሑፍ ችሎታ የሚታየው ውሸታሙን ወንጀለኛ፣ የተታለለውን ሞኝ ባለማድረጉ ነው። ኢሊያስ የሚዋሸው ማደሪያና ሥራ ስለሚፈልግ ነው፤ ገራሲሞስ የሚያምነው የሚመለስበት አገርና የሚጠብቀው ሰው ስለሚያስፈልገው ነው። ሁለቱም ውሸቱን ይመግቡታል፤ አንዱ ቢያቆም ሌላው ይወድቃል። ስደትን የሚያንቀሳቅሰው በሁለት ወገን የሚያስፈልግ ምስል ነው፤ ፊልሙ ይህን ያሳያል፤ እኔም ከማውቃቸው ሥራዎች ይህን እንደ እሱ በጥራት ያየ የለም።

ይህን ከሆሳዕና ጋር ለማገናኘት ብዙ መድከም አያስፈልግም። በደቡብ አፍሪካ የዘር አገዛዙ እ.ኤ.አ. በ1994 ካበቃ በኋላ የሀዲያና የከምባታ ወጣቶች በሞያሌ፣ በኬንያ፣ በታንዛኒያ፣ በማላዊ ወይም በሞዛምቢክ አድርገው ወደ ጆሃንስበርግ መሄድ ጀመሩ። ምክንያቱ ድህነት ብቻ ነው የሚሉ አሉ። የመሬት ጥበት መኖሩ አያከራክርም፤ ነገር ግን እኩል የጠበበ መሬት ያለባቸው ሌሎች ወረዳዎች ያን ያህል ሰው ወደ ደቡብ አልላኩም። አጥኚዎች ሌሎች ሁለት ነገሮችን ይጨምራሉ። አንደኛው ፖለቲካ ነው፤ በ1992 ዓ.ም. ምርጫ በሀዲያ ዞን ተቃዋሚው ወገን ካሸነፈ በኋላ በደጋፊዎቹ ላይ የደረሰው ጫና ብዙ ወጣት በአገሩ ተስፋ እንዲቆርጥ አድርጓል። የኢሊያስ አባት ኮሚኒስትነት በልጁ ላይ ያመጣውም ይኸው ነው። ሁለተኛው በ1993 ዓ.ም. ገደማ ከውጭ የመጣ ሰባኪ በሆሳዕና ተናገረው የሚባለው ትንቢት ነው፤ ለአካባቢው ልጆች ወደ ደቡብ በር እንደሚከፈትላቸው ተናገረ ይባላል፤ በወንጌላውያን ምእመናን ዘንድም ሰፊ ተቀባይነት አግኝቷል። ትንቢቱ የእግዚአብሔር ነው ወይስ የሰው የሚለው የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ አይደለም። ለታሪክ ጸሐፊ የሚበቃው፣ ሰዎች ከመሄዳቸው በፊት የሚሄዱበትን ቦታ በዓይነ ሕሊናቸው አይተውት እንደነበረ ማወቁ ነው።

ከዚያ በኋላ የመጣው ደግሞ ቃል በቃል ፎቶግራፍ ነው። ጆሃንስበርግ ጄፒ በሚባለው ሠፈር ወይም ሎኬሽን በሚባሉት የከተማ ዳርቻ መንደሮች ሱቅ የከፈተ ወጣት ከመኪና አጠገብ ቆሞ የተነሣውን ፎቶ ወደ ቤት ይልካል። መኪናው የእሱ ይሁን የሌላ፣ ሱቁ በብረት ፍርግርግ የታጠረ ይሁን፣ ማታ ማታ ምን እንደሚፈራ በፎቶው ላይ አይታይም። እ.ኤ.አ. በ2008፣ በ2015ና በ2019 በውጭ አገር ሰዎች ላይ በተነሣው ጥቃት የኢትዮጵያውያን ሱቆች ሲዘረፉና ሲቃጠሉ እንኳ ጉዞው አልቆመም። ጋብቻውም በዚሁ መንገድ ሄዷል፤ ወንዱ ሚስት የሚፈልገው ከአገር ቤት ነው፤ ዘመድ ያጫል፣ ፎቶ ይሄዳል ይመጣል፣ ሙሽራዋ ወደማታውቀው ሰውና ወደማታውቀው ከተማ ትጓዛለች። ብዙዎቹ ጋብቻዎች የጸኑና የተባረኩ ናቸው፤ ሁሉም የገራሲሞስ ታሪክ ነው ብል እበድላቸዋለሁ። ነገር ግን ፎቶው የሚሠራው ሥራ አንድ ዓይነት ነው። ላኪው መከራውን ለእናቱ ሊነግራት አይፈልግም፤ እናትም ልጇ ተሳክቶለታል ብላ ማመን ትፈልጋለች፤ የጎረቤት ልጅ ደግሞ ፎቶውን አይቶ ይነሣል። ማንም ሆን ብሎ አልዋሸም። ምስሉ ግን ሰው ይዞ ይሄዳል፤ መጋቢት 2012 ዓ.ም. በሞዛምቢኳ ቴቴ በአንድ ኮንቴይነር ውስጥ 64 ኢትዮጵያውያን ታፍነው ሞተው ሲገኙ፣ በ2015 ዓ.ም. መጀመሪያ በማላዊ ሙዚምባ ኢትዮጵያውያን ናቸው የተባሉ ከ20 በላይ ሰዎች በጅምላ ተቀብረው ሲገኙ፣ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ በሉሳካ ዳርቻ 27 አስከሬን ተጥሎ ሲገኝ የታየው ይህ ነው።

ለዚህ የሚሰጠው መልስ በሆሳዕና ጎዳና ላይ ቆሟል። ከተማዋን ያሳደገው፣ ባለ ፎቅ ሕንፃውን፣ ሆቴሉን፣ የንግድ ቤቱን የሠራው ከደቡብ አፍሪካ የመጣ ገንዘብ ነው፤ በ2015 ዓ.ም. ማብቂያ የተመሠረተው የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልልም የአስተዳደር መቀመጫ አድርጎ የመረጠው ይህችኑ ያደገች ከተማ ነው። ታዲያ የፓፓታኪስን ጨለማ ፊልም አምጥቶ በተሳካለት ሕዝብ ላይ መለጠፍ ምን ይጠቅማል? ተቃውሞው ትክክለኛ ነገር ይዟል። ሕንፃው እውነት ነው፤ በልጁ ገንዘብ የተማረ ወንድም፣ የታከመች እናት እውነት ናቸው። ስደቱን ሁሉ እንደ ሰቆቃ የሚተርክ ሰው የሕዝቡን ብልሃትና ጥንካሬ ይሰርዛል። ሆኖም «ፎቶግራፉ» ስደተኛው አይሳካለትም አላለም። ገራሲሞስ ሙያ አለው፣ ሥራ አለው፣ ፓሪስ ውስጥ ለዓመታት ኖሯል፤ በብዙ መመዘኛ ተሳክቶለታል። የጎደለው የሚመለስበት ነገር ነው፤ ስለዚህ በፎቶ ላይ ይሠራዋል። በሆሳዕና ባለቤቱ ገና ያልገባበት ቤት ተሠርቶ ሲቆም ያለውን ስሜት ለመረዳት የሚያስፈልገው የስኬትና የውድቀት ሒሳብ ሳይሆን ይህ ነው።

ቀሪዎቹ ሦስት ፊልሞች ለክርክሬ ያን ያህል አያስፈልጉም፤ ቢሆንም ያው ጥያቄ በእነሱም ውስጥ አለ። እ.ኤ.አ. በ1967 ግሪክ ውስጥ የሠራው የእረኞች ፊልም ድሃ እረኛና የባለጸጋ ልጅ አብረው እስከሚኮበልሉ ድረስ የሚደርስባቸውን ውርደት ይተርካል። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው «ግሎሪያ ሙንዲ» በአልጄሪያ ጦርነት የተፈጸመውን ማሰቃየት የሚያነሣና ተመልካቹን እጅግ የሚፈትን ሥራ ነው፤ ከሲኒማ ቤቶችም ብዙ ሳይቆይ ወረደ። የመጨረሻው፣ እ.ኤ.አ. በ1991 ሚሼል ፒኮሊን ይዞ የሠራው፣ ታዋቂ ደራሲ አንድን ድሃ ወጣት በገመድ ላይ ሄዶ ዝነኛ እንዲሆን ሲያሠለጥነውና ኋላ ሲተወው ያሳያል፤ ታሪኩ ከዠኔና ከሰርከስ ሠራተኛው ከአብደላ ሕይወት የተወሰደ ነው። በዚህኛው ላይ ፓፓታኪስ የገዛ ወዳጁን እንኳ አልማረም፤ የበታቹን የሚወድ ጌታም ጌታ ነው።

የመጨረሻው ተቃውሞ ከራሳቸው ከፊልሞቹ ይመጣል፤ እኔም በከፊል እቀበለዋለሁ። በ1990ዎቹ ሆሳዕናና ዱራሜ እንደ ሌላው የኢትዮጵያ ከተማ በቪዲዮ ቤት የሚያዩት የህንድና የሆሊውድ ፊልም፣ ኋላም የአማርኛ ቪዲዮ ነበር፤ የፓፓታኪስ ሥራ ጩኸት የበዛበት፣ ዕረፍት የማይሰጥ፣ ለሰፊ ተመልካች ያልተሠራ ነው። በአንድ ነገር ደግሞ በእርግጥ ይጎድላል። ሰዎቹ ሁሉ ብቻቸውን ናቸው፤ ኢሊያስ ሻንጣውን ይዞ ሲወጣ ከኋላው የቀረው ቤት አይታይም። የሀዲያና የከምባታ ስደት ግን የአንድ ሰው ውሳኔ ሆኖ አያውቅም። አባት በሬ ወይም ቁራሽ መሬት ይሸጣል፣ አጎት ያበድራል፣ ዕቁቡ ለተጓዡ ቀድሞ ይወጣል፣ ቀድሞ የሄደው ወንድም ለደላላው ቀሪውን ይከፍላል፣ ጉባኤው ይጸልያል። ልጁ ማላዊ ድንበር ላይ ሲያዝ የሚታሰረው ገንዘብ የብዙ ሰው ነው፤ ዝም የሚለውም ለዚህ ነው። ፓፓታኪስ የብቸኛውን ስደተኛ ውሸት ጻፈ፤ የቤተሰቡን ዝምታ ለመጻፍ ግን ሀዲይኛና ከምባትኛ የሚሰማ፣ በሬው የተሸጠበትን ገበያ የሚያውቅ ጸሐፊ ያስፈልጋል፤ የፊልም ጽሑፉም በ1957 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ እንደተነሣው ሁሉ ከሆሳዕና ወይም ከዱራሜ ሊነሣ የማይችልበት ምክንያት አይታየኝም።